የኦቶማቲክ ካምቢዮ ዘይት በአሮጌ መኪና፦ ስንቀይር የምንሳሳታቸው ነገሮች

ጎረቤቴ እ.ኤ.አ. የ2003 ሥሪት የሆነች ኦቶማቲክ ኮሮላ አላቸው። ባለፈው ወር ኮፈኑን ከፍተው ራዲያተር ውሃ ሲሞሉ አገኘኋቸው። "ጋሼ፣ የካምቢዮውን ዘይት መቼ ነው ያስቀየሩት?" አልኳቸው። ፊታቸው ተለዋወጠ። "እሱንስ እንዳትነካብኝ! የነኩት ሁሉ መኪናቸው ተጎትቶ ነው የሄደው" አሉኝ።

ይህን ፍርሃት ከብዙ ሰው ሰምቻለሁ። እንዲሁ ከሜዳ የመጣም አይደለም። ዘይቱ በተቀየረ በሳምንቱ የቆመ ካምቢዮ እኔም በዓይኔ አይቻለሁ። ግን ካምቢዮውን የገደለው አዲሱ ዘይት አልነበረም። አንዳንዴ አቀያየሩ ነው፣ አንዳንዴ ደግሞ ጊዜው ካለፈ በኋላ መቀየሩ ነው። እ.ኤ.አ. ከ2024 መጀመሪያ ጀምሮ የቤንዚንና የናፍጣ አውቶሞቢል ወደ አገራችን እንዳይገባ ተከልክሏል። ስለዚህ በእጃችን ያለችውን አሮጌ መኪና ጠብቀን መያዝ አለብን። ከጋሼ ጋር ቁጭ ብለን የተነጋገርነውን፣ በኋላም ከመኪናቸው ሥር ተኝቼ ያየሁትን ለእናንተም ላካፍላችሁ።

ማርሹ መንሸራተት ሲጀምር ወደ ዘይት መሮጥ

ኦቶማቲክ ካምቢዮ ውስጥ ዘይት የተነከሩ ስስ የፍሪሲዮን ዲስኮች አሉ። የዘይቱ ግፊት አንድ ላይ ሲጫናቸው ማርሹ ይገባል። ዘይቱ ለዓመታት ሳይቀየር ሲቀር በሙቀት ይቃጠላል። ዲስኮቹ እየሳሱ ይሄዳሉ። ብናኛቸውም ዘይቱ ውስጥ ይዋኛል።

ታዲያ አብዛኛው ባለመኪና ዘይት ሊያስቀይር የሚሄደው መቼ ነው? ነዳጅ ሲረግጥ ሞተሩ እየጮኸ መኪናው አልሄድ ሲለው ነው። ያኔ ዲስኩ አልቋል። አዲስ ዘይት ያለቀ ዲስክ አይመልስም። ከሳምንት በኋላ መኪናው ሲቆም ግን ጥፋቱ ሁሉ ዘይቱ ላይ ይላከካል።

መኪናችሁ ደህና የምትሄድ ከሆነ መቀየሪያው ጊዜ አሁን ነው። መንሸራተት ከጀመረች ግን አስቀድማችሁ የዘይቱን መጠን እዩ። ያነሰ ዘይትም ልክ እንደዚያው ያንሸራትታል። ብዙ ሰው በግማሽ ሊትር የሚፈታ ችግር ይዞ ካምቢዮ ሊያስወርድ ሄዷል። መጠኑ ልክ ሆኖ ዘይቱ ከጠቆረና የተቃጠለ ሽታ ካለው ገንዘባችሁን ለዘይት አታውጡ። ካምቢዮ የሚያውቅ ሰው ይየው።

ሻካራ የማርሽ አገባብ ሁሉ ደግሞ የዘይት ጉዳይ አይደለም። እ.ኤ.አ. ከ2001 እስከ 2003 የተሠሩ የቶዮታ ራቭፎሮች ላይ ማርሹ ሲገባ የሚመታው ብዙ ጊዜ በሞተሩ ኮምፒውተር ብልሽት ነው። በዚህ ምክንያት ስንት ደህና ካምቢዮ በከንቱ ተፈቷል።

"ይሄ ዘይት ዕድሜ ልክ ነው" የሚለውን ማመን

አንዳንድ አምራቾች መመሪያቸው ላይ ለካምቢዮ ዘይት መቀየሪያ ኪሎሜትር አይጽፉም። ይህ ዘይት አያረጅም ማለት አይደለም። የካምቢዮ ዘይት ጠላቱ ሙቀት ነው። ከመገናኛ ወደ ሲኤምሲ በጭንቅንቅ ሰዓት እየቆሙ መሄድ፣ እንጦጦን ሰው ጭኖ መውጣት፣ ሁሉም ዘይቱን ያበስለዋል። እኔ በየ40 ሺህ ኪሎሜትሩ እቀይራለሁ፣ ቢዘገይ ከ60 ሺህ አላሳልፍም። ያገለገለ መኪና ስትገዙ ቆጣሪው ላይ ያለውን ቁጥር አትመኑ። ዘይቱ እንዳልተቀየረ ቁጠሩት።

ቀይ ዘይት ሁሉ አንድ ነው ማለት

እንደ እኔ ግምት ብዙ ካምቢዮ ያጠፋው ስህተት ይሄ ነው። እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ።

የመኪና ዕቃ ወደሚሸጥበት ሶማሌ ተራ ገብታችሁ "የካምቢዮ ዘይት" ብትሉ ቀይ ዘይት ይሰጣችኋል። ቀይነቱ ግን ቀለም ብቻ ነው። ከሞተር ዘይት እንዲለይና ሲያንጠባጥብ እንዲታወቅ ተብሎ የተጨመረ ነው። ስለ ዓይነቱ ምንም አይነግራችሁም። በብዙ አሮጌ ቶዮታዎች የመሪው ዘይት ዴክስሮን የሚባለው ቀይ ዘይት ነው። ያው ጠርሙስ ተርፎ ቤት ውስጥ ሲገኝ "ቀይ አይደል እንዴ" ተብሎ ካምቢዮው ውስጥ ይጨመራል። በድሮዎቹ ኮሮላዎች ዴክስሮን ትክክል ሊሆን ይችላል። ቀጥሎ በመጡት ላይ ግን ቶዮታ የሚጠይቀው ቲ-ፎር የሚባለውን ነው። ከዚያ በኋላ ለመጡት ደግሞ ደብሊውኤስ ይላል። ደብሊውኤስ ከቲ-ፎር ይቀጥናል። አንዱ በሌላው ቦታ አይገባም፣ አይደባለቅምም።

ሂዩንዳይና ኪያ ኤስፒ-ስሪ እና ኤስፒ-ፎር የሚባሉ አሏቸው። ሆንዳ የራሱ ዘይት አለው። በሆንዳ ላይ ከኩባንያው ውጪ ያለ ዘይት ለመሞከር እኔ በግሌ አልደፍርም።

ከሁሉም የሚያሳስበኝ የቶዮታ ቪትዝ ነገር ነው። ሁለት ቪትዞች ጎን ለጎን ቆመው ላይለዩ ይችላሉ። አንዷ ባለ 4 ማርሽ ተራ ኦቶማቲክ ናት። ሌላዋ ሲቪቲ ናት። ሲቪቲ ውስጥ የብረት ቀበቶ በሁለት ፑሊዎች መሀል ይዞራል። ኃይሉ የሚተላለፈው ብረት ብረትን ቆንጥጦ በመያዙ ነው። ይህን ቁንጥጫ የሚጠብቀው ለሲቪቲ ተብሎ የተሠራ ዘይት ብቻ ነው። ቶዮታ ቲሲ እና ኤፍኢ የሚላቸው ማለት ነው። ተራውን ቀይ ዘይት ከሞላችሁበት ቀበቶው ይንሸራተታል፣ ፑሊውን ይፍቃል፣ ከዚያ በኋላ መመለሻ የለውም። "ቪትዝ ናት" ብቻ ብላችሁ ዘይት አትግዙ።

ዓይነቱ የት ይገኛል? መመሪያው መጽሐፍ ላይ። መጽሐፉ ከሌለ የመለኪያውን ዘንግ አውጥታችሁ በጨርቅ ጥረጉት። በብዙ ቶዮታዎች ብረቱ ላይ ተቀርጿል። የጋሼን ዘንግ ጠርጌ ወደ ብርሃን ሳዘነብለው "ቲ-ፎር" የሚሉት ፊደላት ደብዝዘው ታዩኝ። 20 ዓመት ሙሉ እዚያው ነበሩ።

የሚሸጠው ሁሉ ደግሞ እውነተኛ አይደለም። ክዳኑ ላይ ያለው ማሸጊያ መነካት አለመነካቱን እዩ። ከጀሪካን እየተቀዳ የሚሸጥ ዘይት አትግዙ። ባዶውን ጠርሙስ ከመጣላችሁ በፊት በስለት ብሱት። ሌላ ነገር ተሞልቶበት ለሌላ ሰው እንዳይሸጥ።

መሙያውን ሳያረጋግጡ ማፍሰሻውን መፍታት

አጭር ናት፣ ግን ሰው አስለቅሳለች። መለኪያ ዘንግ የሌላቸው መኪናዎች ላይ ዘይት የሚሞላው በጎን በኩል ባለ ቡሎን ነው። እሱ ዝጎ እምቢ ካለ ዘይቱን ካፈሰሳችሁ በኋላ መሙያ አጣችሁ ማለት ነው። አስቀድማችሁ መሙያውን ፍቱት።

ስለ ቡሎን ካነሳን፣ ግራሶ ቤት የሞተር ዘይት ልታስቀይሩ ስትገቡ አብራችሁ ጎንበስ በሉ። በብዙ መኪናዎች የሞተሩና የካምቢዮው ማፍሰሻዎች ቅርብ ለቅርብ ናቸው። በስህተት የካምቢዮው ፈስሶ ሞተሩ ላይ 4 ሊትር የተጨመረበት መኪና አይቻለሁ። ካምቢዮው ባዶውን፣ ሞተሩ እስከ አፉ ሞልቶ። በብዙ ኮሮላዎች የካምቢዮው ማፍሰሻ በ10 ቁጥር አለን ቁልፍ የሚፈታ ነው። ቀይ ነገር መፍሰስ ከጀመረ ወዲያው አስቁሙ።

የወጣውን ሳይለኩ መሙላት

ጋሼ በመጨረሻ እሺ አሉ። ቅዳሜ ጠዋት ግቢያቸው ውስጥ ተስማማን። መኪናውን ሜዳ ላይ አቆምን። ክሪክ ብቻውን አይታመንም። ሥሩ ሰው የሚተኛ ከሆነ ጠንካራ የብረት መደገፊያ ይግባበት፣ ጎማውም ይታገድ። ለጥቂት ደቂቃ ነድተን አሞቅነው እንጂ አላጋልነውም። የጋለ የካምቢዮ ዘይት እጅ ይልጣል።

የፈሰሰውን በንጹሕ ባሊ ተቀበልን። ቡና መስሎ ነበር። ከዚያ ያለቁ የውሃ ጠርሙሶች ውስጥ ገለበጥነው። ሦስት ሊትር ሊሞላ ትንሽ ቀረው። እኛም ያንኑ ያህል አዲስ ዘይት፣ ከዚያ ጠብታ ሳንጨምር መለስን።

ምክንያቱ ይሄ ነው። መኪናዋ በጠቅላላ የምትይዘው ወደ 7 ሊትር ገደማ ነው። ማፍሰሻውን ስትፈቱ የሚወጣው ኮፓው (ከሥር ያለው የዘይት መያዣ ሳህን) ውስጥ ያለው ብቻ ነው። ቀሪው ካምቢዮውን ከሞተሩ ጋር የሚያገናኘው ቶርክ ኮንቨርተር ውስጥና ቱቦዎች ውስጥ ይቀራል። መጽሐፉ ላይ 7 ሊትር የሚል ቁጥር አይቶ 7 ሊትር የጨመረ ሰው ካፈሰሰው ከእጥፍ በላይ ሞላ ማለት ነው። እጅግ የበዛ ዘይት በሚዞሩት ጥርሶች እየተመታ አረፋ ይሆናል። አረፋ ግፊት አይዝም። ግፊት ከሌለ ዲስኮቹ ይንሸራተታሉ። "ዘይት ቀየርኩና ተበላሸ" የሚባለው አንዱ መንገድ እንግዲህ ይሄ ነው።

ከ7 ሊትር 3ቱን ስትቀይሩ 43 በመቶው አዲስ ይሆናል። ከሁለት ሦስት ሳምንት በኋላ እንደገና 3 ሊትር ብትቀይሩ 67 በመቶ ይደርሳል። ሦስተኛው ዙር ወደ 81 በመቶ ያወጣዋል። ታሪኩ ለማይታወቅ አሮጌ መኪና እኔ የምመርጠው ይህን ቀስ በቀስ የሚሄድ መንገድ ነው። ሁሉን ዘይት በአንዴ በማሽን የሚቀይሩ ጋራዦች አሉ። በየጊዜው ሲቀየርለት ለኖረ ካምቢዮ ክፉ አይደለም። ለ15 ዓመት ላልተነካ ግን አልመክርም። ማጠቢያ ኬሚካል ተጨምሮበት ከሆነማ ጭራሽ አታስደርጉት። የተቀመጠው ቆሻሻ ተነስቶ የቫልቮቹን ቀጫጭን መንገዶች ሊዘጋ ይችላል።

ዘይቱን በቀዝቃዛው፣ ሞተር አጥፍቶ ማየት

የሞተር ዘይት የምናየው ሞተር አጥፍተን ነው። ያንን ልማድ ወደ ካምቢዮ ይዘን እንመጣለን። ቶዮታ ላይ የካምቢዮ ዘይት የሚታየው ሞተሩ እየሠራ ነው። ግማሽ ሰዓት ያህል ተነድቶ መሞቅ አለበት። ሜዳ ላይ ይቆማል፣ የእጅ ፍሬን ይያዛል፣ እግር ፍሬኑን እንደረገጠ የማርሹ ዘንግ ከፒ እስከ ኤል በየቦታው አንድ ሁለት ሰከንድ እያረፈ ሄዶ ወደ ፒ ይመለሳል። ያኔ ሞተሩ ሳይጠፋ የመለኪያው ዘንግ ይወጣል፣ ይጠረጋል፣ እስከ መጨረሻው ይገባል፣ እንደገና ወጥቶ ይታያል።

መለኪያው ዘንግ ላይ ሁለት ክልሎች አሉ። አንዱ ለቀዝቃዛ፣ አንዱ ለሙቅ። ዘይት ሲሞቅ ይለጠጣል። በቀዝቃዛው እስከ ሙቁ ምልክት የሞላ ሰው አትርፎ ሞልቷል። በዘንጉ ሁለት ጎን የተለያየ ከፍታ ካያችሁ ዝቅ ያለውን እመኑ። ሌላው ከቱቦው ግድግዳ የተቀባ ነው። ሆንዳ ደግሞ በተቃራኒው ነው፤ ካሞቃችሁ በኋላ ሞተሩን አጥፍታችሁ በደቂቃ ተኩል ውስጥ ታዩታላችሁ። መለኪያ ዘንግ የሌላቸው መኪናዎች ዘይቱ በተወሰነ ሙቀት ላይ እያለ በትርፍ ማፍሰሻ ነው የሚለኩት። ሙቀቱን የሚያነብ መሣሪያ ከሌላችሁ ያለው ጋር ውሰዱት።

ያየሁትን ጠብታ ሁልጊዜ ነጭ ሶፍት ላይ አሳርፈዋለሁ። ቀይ ከሆነ ሰላም ነው። ቡናማ ከሆነ ጊዜው ደርሷል። ሮዝ ወተት ከመሰለ ግን መኪናውን ከዚያ አታንቀሳቅሱ። በራዲያተሩ ውስጥ የሚያልፈው የዘይት ማቀዝቀዣ ተበስቶ ውሃ ገብቷል። ውሃ የዲስኮቹን ሙጫ ይለቀዋል። አስቀድሞ ራዲያተሩ ካልተቀየረ ዘይት መቀየሩ ዋጋ የለውም። ጋሼ የቧንቧ ውሃ ሲሞሉ ዝም ያላልኳቸው ለዚሁ ነው። ዝገቱ የሚጀምረው ከውሃው ነው፤ ኩላንት ይግባበት።

ኮፓውን ሲገጥሙ ሲሊኮን ማብዛትና ቡሎን ማጥበቅ

ኮፓውን ካወረዳችሁ ውስጡ ትናንሽ ማግኔቶች አሉ። ጋሼ ጋር ሁለቱ ማግኔቶች ላይ እንደ ጠቆረ ቅባት ያለ ግራጫ ነገር ተጋግሮ ነበር። በጣት ሲታሽ ይልማል፣ አይኮሰኩስም። እሱ ጤነኛ ነው፣ የዕድሜ ብናኝ ነው። የሚኮሰኩስ ስባሪ ወይም የብረት ቅንጣት ብናገኝ ኖሮ ሥራውን አቁመን ሌላ ወሬ ነበር የምናወራው። ማግኔቶቹን ጠርጋችሁ እዚያው ቦታቸው መልሱ። ፊልትሮውንም ቀይሩ።

አዲስ ጋርኒሲዮን (በኮፓውና በካምቢዮው መሀል የሚገባው ማሸጊያ) ካለ ሲሊኮን አያስፈልግም። የተትረፈረፈው ሲሊኮን ወደ ውስጥ ተጨምቆ ይገባል፣ ይደርቃል፣ ተቆርሶ ፊልትሮ ይዘጋል። ቡሎኖቹ ደግሞ ትናንሽ ናቸው፣ የሚገቡትም አሉሚኒየም ውስጥ ነው። በአጭር ቁልፍ፣ በእጅ አንጓ ኃይል ብቻ፣ እየተፈራረቁ ከዳር ዳር ይጥበቁ። "ትንሽ ልጨምርለት" ስትሉ ጥርሱ ይበላል።

አሮጌውን ዘይት የፍሳሽ ቱቦ ውስጥ አትድፉት። በጠርሙስ ዘግታችሁ ለሚሰበስብ ጋራዥ ስጡት።

ከጨረስን በኋላ መኪናዋ ሥር ካርቶን ዘርግተን አደርን። ጠዋት ደረቅ ነበር። ጋሼ ወደ ደብረ ዘይት ደርሰው ሲመለሱ ሞቅ እንዳለ ዘንጉን አብረን አየነው፣ ልክ ሙቁ ክልል መሀል ላይ ነው። ሶፍቱ ላይ ያለው ጠብታ ግን ገና ቡናማ ነው፣ 43 በመቶ ብቻ ነዋ አዲሱ። ሁለተኛውን 3 ሊትር ገዝተው አስቀምጠዋል።