የወገብ ነርቭ ሥር ሕመም የምርመራ ኮድ እንዴት እንደሚመረጥ

ከወገብ ተነስቶ በመቀመጫና በታፋ በኩል ወደ እግር የሚወርደው ሕመም ብዙውን ጊዜ ከአከርካሪ የሚወጣ የነርቭ ሥር ሲጫን ወይም ሲቆጣ የሚመጣ ሲሆን፣ በሕክምናው ቋንቋ ራዲኩሎፓቲ ይባላል። በአሜሪካ እ.ኤ.አ. ከኦክቶበር 1 ቀን 2015 ጀምሮ ይህ ምርመራ የሚመዘገበው አይሲዲ-10-ሲኤም በተባለው የበሽታዎች ኮድ ሥርዓት ነው። ብዙ ጀማሪ ኮድ ሰጪዎች ኤም 54.16 የሚለውን ኮድ በቃላቸው ይዘው እግር ላይ ለሚወርድ ሕመም ሁሉ ይጽፉታል። ይህ ኮድ ግን ለወገብ አካባቢ ራዲኩሎፓቲ የተሰጠ ሆኖ፣ የሕመሙ መነሻ ዲስክ (በአከርካሪ አጥንቶች መካከል ያለው ትራስ) ወይም የአከርካሪ መገጣጠሚያ እርጅና መሆኑ ከታወቀ ቦታውን ለሌላ ኮድ ይለቃል። ስለዚህ ሥራው የሚጀመረው ከቁጥሩ ሳይሆን ከመንስኤው ነው።

አንደኛ፣ የሐኪሙን ማስታወሻ እስከ መጨረሻው ያንብቡ። ታካሚው የተናገረውንና ሐኪሙ የደረሰበትን ውሳኔ ለዩ፤ ኮድ የሚሰጠው በውሳኔው ላይ ተመሥርቶ ነው። በተመላላሽ ሕክምና «ሊሆን ይችላል»፣ «ይጠረጠራል» ወይም «ይህ አለመሆኑ ይጣራ» ተብሎ የተጻፈ በሽታ እንደተረጋገጠ ተቆጥሮ ኮድ አይሰጠውም። በዚህ ጊዜ የሚመዘገበው እስከዚያ ድረስ በእርግጠኝነት የታወቀው፣ ለምሳሌ ሕመሙ ራሱ ነው።

ሁለተኛ፣ መንስኤውን ይፈልጉ። ከሁሉም በላይ ጊዜ ሊሰጠው የሚገባ ደረጃ ይህ ነው። ሐኪሙ የዲስክ ችግር ከራዲኩሎፓቲ ጋር መኖሩን ከገለጸ የሚመረጠው ከኤም 51.1 ምድብ ሲሆን፣ ስፖንዲሎሲስ የሚባለው የአከርካሪ እርጅና ከሆነ ደግሞ ከኤም 47.2 ምድብ ነው። በኮዱ ስም ውስጥ ያለው «ጋር» የሚል ቃል ትርጉም አለው፤ የኮድ አሰጣጥ መመሪያው ሁለቱ ሁኔታዎች አብረው ከተመዘገቡ ግንኙነት እንዳላቸው ይወስዳል፣ ሐኪሙ አይገናኙም ብሎ በግልጽ ካልጻፈ በስተቀር። ስቴኖሲስ የሚባለው የነርቭ መተላለፊያው መጥበብ ግን የተለየ ነው። የወገብ ስቴኖሲስ በራሱ ኮድ፣ በእግር ጉዞ ወቅት የሚመጣው የነርቭ ሕመም ከሌለ በኤም 48.061፣ ካለ በኤም 48.062 ይመዘገባል፤ የራዲኩሎፓቲው ምድብ የኤም 54.1 የክልከላ ማስታወሻም (አብረው የማይጻፉትን ኮዶች የሚዘረዝረው) ስለማይጠቅሰው ራዲኩሎፓቲው አብሮት ሊጻፍ ይችላል።

ሦስተኛ፣ ቦታውን ይወስኑ። ኮዱ ስድስት ወይም አምስት አሃዝ ቢኖረውም ቦታውን የሚያሳየው ብዙውን ጊዜ የመጨረሻው አሃዝ ነው፤ 6 ወገብን፣ 7 ደግሞ የወገብና የሳክረም (ከወገብ በታች ያለው የአከርካሪ አጥንት) መጋጠሚያን ያመለክታል። ጉዳቱ በኤል 4 እና ኤል 5 (በአራተኛውና በአምስተኛው የወገብ አጥንት) መካከል ከሆነ 6፣ በኤል 5 እና ኤስ 1 (በመጀመሪያው የሳክረም አጥንት) መካከል ከሆነ 7 ይወሰዳል።

አንድ ምሳሌ እንመልከት። ማስታወሻው «የቀኝ እግር ሕመም እስከ ትንሿ ጣት ይወርዳል፣ የቀኝ ቁርጭምጭሚት ሪፍሌክስ ቀንሷል፤ ኤምአርአይ በኤል 5 እና ኤስ 1 መካከል የተንሸራተተ ዲስክ የቀኙን የኤስ 1 ነርቭ ሥር እንደጫነ አሳይቷል፤ ምርመራ፦ ከዲስክ የመጣ ራዲኩሎፓቲ» ይላል። ትክክለኛው ኮድ ኤም 51.17 ብቻ ነው። ቀኝ መሆኑ በማስታወሻው ላይ ይቀራል፤ ይህ ኮድም ሆነ ኤም 54.16 ቀኝና ግራ የሚለይበት አሃዝ የለውም፣ ስለዚህ የሌለውን አሃዝ መፈለግ ጊዜ ማባከን ነው።

አራተኛ፣ የክልከላ ማስታወሻዎችን ይፈትሹ። በዝርዝር ሠንጠረዡ ላይ «ኤክስክሉድስ 1» የሚለው ማስታወሻ ሁለቱ ኮዶች ለአንድ ሁኔታ አብረው እንዳይጻፉ ያዛል። ከላይ ባለው ምሳሌ ኤም 54.17ን መጨመር የተሳሳተ የሚሆነውም በዚህ ምክንያት ነው። ሳያቲካም (በሳያቲክ ነርቭ መስመር ወደ እግር የሚወርድ ሕመም) እንዲሁ ነው፦ ኤም 54.31 ለቀኝ፣ ኤም 54.32 ለግራ ሲሆኑ፣ የወገብ ሕመም አብሮት ካለ ኤም 54.41 እና ኤም 54.42 ይተኳቸዋል፤ መንስኤው ዲስክ መሆኑ ከታወቀ ግን ሁሉም ወደ ኤም 51.1 ይመለሳሉ።

አምስተኛ፣ ኮዱ በሕክምናው ቀን የሚሠራ መሆኑን ያረጋግጡ። ዋናው ማሻሻያ በየዓመቱ ኦክቶበር 1 ቀን ሥራ ላይ ይውላል። ለምሳሌ ለወገብ ሕመም ለረጅም ጊዜ ሲጻፍ የነበረው ኤም 54.5 እ.ኤ.አ. ከኦክቶበር 1 ቀን 2021 ጀምሮ ለብቻው ተቀባይነት የለውም፤ በኤም 54.50፣ ኤም 54.51 እና ኤም 54.59 ተከፋፍሏል።

ማስታወሻው መንስኤውን ወይም ቦታውን ካልገለጸ ግምት አይጻፍ። ሐኪሙን በጽሑፍ ይጠይቁ፤ ጥያቄውም መልሱን የሚመራ መሆን የለበትም። «ዲስክ ነው አይደል?» ከማለት ይልቅ «የራዲኩሎፓቲው መንስኤና ቦታ ከታወቀ እባክዎ ይመዝግቡ» ብሎ መጻፍ ይበቃል።