ማውንት ዕቁብ አይደለም፤ ፋርም ስታደርጉ የሚደጋገሙ ስህተቶች

«ስድስት ወር ሙሉ ገደልኩት፤ አሁንማ መውጣት አለበት!»

በወርልድ ኦፍ ዋርክራፍት ጌም ብርቅ ማውንት ፋርም ከሚያደርጉ፣ ማለትም አንዱን ጠላት ደጋግመው እየገደሉ ከሚጠብቁ ልጆች ይህን አቤቱታ የማልሰማበት ሳምንት የለም። ማነው አለበት ያለው? የት ተፈራረማችሁ?

ለማያውቅ ሰው ባጭሩ ልንገረው። ማውንት ማለት ካራክተራችሁ የሚጋልበው እንስሳ ወይም ማሽን ነው። ጌሙ በፈረንጆቹ 2004 ከወጣ ጀምሮ የተጨመሩት ማውንቶች ለቁጥር ያታክታሉ። አብዛኞቹን በወርቅ ትገዛላችሁ፣ ወይም የታዘዛችሁትን ሠርታችሁ ትወስዳላችሁ። ሰው እንቅልፍ የሚያጣባቸው ግን ከቦስ (ከጌሙ ኃይለኛ ጠላት) ሬሳ ላይ በዕድል ብቻ የሚወጡት ናቸው። የሊች ኪንግ ፈረስ ኢንቪንሲብል አለ። ከኬልታስ የሚወጣው የእሳት ወፍ አሽስ ኦፍ አላር አለ። ከዮግ ሳሮን የሚወጣው ሚሚሮንስ ሄድ አለ። ተጫዋቾች ለዓመታት ከመዘገቡት ተነስተው ሲገምቱ፣ የእነዚህ ዕድል ከ1 እስከ 2 በመቶ ቢሆን ነው።

ይህን ዕድል ከፍ ማድረግ አትችሉም። በእጃችሁ ያለው የሙከራችሁ ብዛት ብቻ ነው። የሚያናድደኝም እሱን ሲያባክኑ ማየት ነው።

«አሁንማ ተራዬ ነው»

ዕቁብ ስትጥሉ የደረሰው ሰው ስም ከዕጣው ይወጣል። የቀሩት እያነሱ ይሄዳሉ፤ የእናንተም ተራ የግድ ይደርሳል። የቦስ ድሮፕ (ከሬሳው ላይ የሚወጣው ዕቃ) እንደዚያ አይደለም። በየሳምንቱ ዕጣው ሁሉ ተመልሶ ይገባል፤ የደረሰውም ያልደረሰውም እኩል ነው። ያለፈውን ሳምንት ልፋታችሁን የሚቆጥርላችሁ የለም። ለዕድለ ቢስ ተብሎ የተሠራ ማካካሻ በእነዚህ የቆዩ ማውንቶች ላይ የለም።

ሒሳቡን አንድ ጊዜ በደንብ እንየው፤ ከዚያ በኋላ እንዳትጨቀጭቁኝ። ዕድሉ 1 በመቶ ነው እንበል። ግማሽ ለግማሽ ዕድል የሚኖራችሁ 69 ሙከራ ላይ ነው። «1 በመቶ ከሆነ 100 ጊዜ ከገደልኩት ይወጣል» የሚለው ስሌት ከየት እንደመጣ አላውቅም፤ ግን ሁሉም ሰው አለው። 100 ሰዎች እያንዳንዳቸው 100 ጊዜ ቢሞክሩ 63 ያህሉ ያገኛሉ፤ 37ቱ ባዶ እጃቸውን ይቀራሉ። 200 ላይ 13 ሰው ገና ይጠብቃል። 300 ላይ እንኳ አምስት ሰው አላገኘም። በአንድ ካራክተር በሳምንት አንዴ ብቻ ለምትገድሉት ቦስ 300 ሙከራ ማለት ስድስት ዓመት ሊሞላ ጥቂት የቀረው ነው። ከእነዚያ አምስት ሰዎች አንዱ አትሆኑም ያላችሁ ማንም የለም።

ይህን ያልገባው ሰው ሁለት ነገር ያደርጋል። አንዱ መቶኛው ላይ ተናዶ «ጌሙ ተበላሽቷል» ብሎ ለደንበኞች አገልግሎት አቤቱታ ይጽፋል። መልሱን ልንገራችሁ፤ «መልካም ዕድል» ነው። ሌላው ደግሞ «ይህን ያህል ደክሜ እንዴት እተዋለሁ» እያለ፣ ማውንቱን መውደዱን ካቆመ ከዓመት በኋላም ይገድላል። ሁለተኛው ይብሳል። ያለፈው ሙከራ ለሚቀጥለው ምንም አይጨምርለትም። እንግዲህ የምትጠይቁት ጥያቄ አንድ ነው፤ ዛሬ ገና ብትጀምሩ ኖሮ ትጀምሩት ነበር? መልሱ አይ ከሆነ ተዉት። ምንም አይጎድልባችሁም።

ዕድል ያመጣልናል ብለው ካራክተር ሲቀይሩ፣ ሰዓት ሲመርጡ፣ በግራ በር ገብተው በቀኝ ሲወጡ ያየኋቸውም አሉ። እነሱን አልናገርም። አይጎዱም፣ ያዝናናሉ።

የተሳሳተ ድፊከልቲ (የክብደት ደረጃ)

ኢንቪንሲብል የሚወጣው ከአንድ ቦታ ብቻ ነው። አይስክራውን ሲታደል የሚባለው ሬይድ (በቡድን የሚገባበት ትልቅ ምሽግ)፣ ሊች ኪንግ፣ የ25 ሰው ሂሮይክ (ከባዱ ደረጃ)። በ10 ሰው አይወጣም። በኖርማል (በቀላሉ ደረጃ) አይወጣም። አንድ ወዳጄ ለወራት ሳያሰልስ ገደለው፤ ደስ የሚል ትጋት ነበር። አንድ ቀን ስክሪኑን ሲያሳየኝ ጥጉ ላይ «10» ተጽፏል። የሚወጣበት ዕድል 1 በመቶ አልነበረም፤ ዜሮ ነበር። ልነግረው አፌን ስከፍት አንጀቴ ተላወሰ።

ሳትገቡ በፊት የራሳችሁ ምስል ላይ ራይት ክሊክ አድርጋችሁ የሬይዱን መጠንና ክብደት እዩ። ሁልጊዜ። ዘንድሮ አስተካክያለሁ ብላችሁ አትመኑ። ነገሩ ደግሞ ኢንቪንሲብል ላይ ብቻ አያበቃም። ሴቴክ ሆልስ ውስጥ ሬቨን ሎርድን የሚሰጠው አንዙ ሂሮይክ ካልሆነ ጭራሽ አይመጣም። ዩትጋርድ ፒናክል ውስጥ ብሉ ፕሮቶ ድሬክን የሚሰጠው ስካዲም በሂሮይክ ነው። ድራጎን ሶል ውስጥ ላይፍ ባይንደርስ ሃንድሜደንም እንደዚሁ።

ያቺ «ሪሊስ» የምትል ቁልፍ

ሊች ኪንግ ጤናው 10 በመቶ ሲደርስ ሁላችሁንም በአንድ ምት ይገድላችኋል። ታሪኩ ነው፣ ስህተት አይደለም። ሌቭላችሁ ምንም ያህል ቢበልጠው ያው ነው። ስክሪኑ ላይ መንፈሳችሁን የምትለቁበት ቁልፍ ይመጣል። አትንኩት! እጃችሁን ከማውሱ ላይ አንሱ። ሻይ ጠጡ። ትንሽ ቆይቶ ቲሪዮን የሚባለው አጋራችሁ ከበረዶው ይፈታል፣ የንጉሡን ሰይፍ ይሰብራል፣ የአባትየው የቴሬናስ መንፈስ መጥቶ ያስነሳችኋል። ከዚያ የቀረችውን 10 በመቶ ትጨርሳላችሁ።

ለስንቱ እንደነገርኩ ቆጥሬ አልዘልቀውም። አሁንም በየሳምንቱ አንድ ሰው ተጭኖት «ለምን ቤተ መቃብር ሄድኩ» ብሎ ይጠይቀኛል። ልጆች፣ ስትሞቱ ቶሎ የመነሳት ልማዳችሁን ለአንድ ደቂቃ ያዙልኝ።

ሚሚሮንስ ሄድ ላይ ደግሞ ተቃራኒው ነው፤ እዚያ የሚያጠፋችሁ እርዳታ መፈለግ ነው። ዮግ ሳሮንን ከመጋፈጣችሁ በፊት ሊያግዟችሁ የሚችሉትን ጠባቂዎች፣ ፍሬያን፣ ሆዲርን፣ ቶሪምንና ሚሚሮንን አታናግሩ። አንዳቸውም ካገዟችሁ ማውንቱ የለም።

ድሮፑ ነው ብርቁ ወይስ ቦሱ?

ይህን ባለመለየት የሚባክነው ጊዜ ያሳዝነኛል። ስቶርም ፒክስ በሚባለው ተራራማ ቦታ ላይ የሚዞረው ታይም ሎስት ፕሮቶ ድሬክ ብርቅ ነው ሲባል ሁሉም ሰው «ስንት በመቶ ነው?» ይላል። መቶ በመቶ ነው። ከገደላችሁት ማውንቱ ይወጣል፤ ጉዳዩ ማግኘቱ ነው። ቫይራጎሳ ከምትባል ሌላ ድራጎን ጋር ቦታ ይጋራል፤ አብዛኛውን ጊዜ የምትመጣው እሷ ናት። ስታገኟት ንቃችሁ አትለፏት። እሷ በሕይወት እያለች እሱ አይመጣም፤ ስለዚህ ግደሏትና ሰዓቱን ጻፉ።

እንዲህ ዓይነቱን አደን እንደ ሊች ኪንግ በሳምንት አንድ ቀን የሚሞክር ሰው ዕድሜ ልኩን አያገኘውም። እዚህ የሚረዳው መጠበቅ ነው። ካራክተራችሁን እዚያው አካባቢ አስተኙት። ሌላ ሥራ እየሠራችሁ በየመሀሉ ግቡና እዩ። አንድ የማውቃት ልጅ ካራክተሯን ስቶርም ፒክስ ላይ ጥላ፣ ሌሎቹን በሌላ ቦታ እያጫወተች፣ በገባች በወጣች ቁጥር ሰማዩን ታይ ነበር። አንድ ማለዳ ቁርስ ሳትበላ አገኘችው። ጩኸቷን የሰማ ጎረቤቷ ሰው የሞተ መስሎት መጣ።

አንድ ካራክተር ብቻ፣ ወይም ሃያ

ከ2012 ጀምሮ ማውንቶች የአንድ ካራክተር ሳይሆኑ የመላው አካውንት ናቸው። በየትኛውም ካራክተር ቢወጣላችሁ ሁሉም ይጋልቡታል። የሬይድ ሎክአውት (ቦሱን በሳምንት ከአንዴ በላይ እንዳትገድሉ የሚከለክለው ገደብ) ግን ለየካራክተሩ ነው። ስለዚህ አምስት ካራክተር ያለው ሰው በሳምንት አምስት ሙከራ አለው። ይህን ሳያውቁ ለዓመታት በአንድ ካራክተር ብቻ የሚደክሙ አሉ።

ሲነገራቸው ደግሞ ወደ ሌላው ጫፍ ይሮጣሉ። ሃያ ካራክተር፣ ስምንት ማውንት፣ በኤክሴል የተሠራ ሰንጠረዥ። በሦስተኛው ሳምንት ጌሙን ጠልተው ይወጣሉ። ሁለት ወይም ሦስት ማውንት ምረጡ። ካራክተሮቻችሁንም ቦሱ ያለበት በር ላይ አቁሟቸው፤ ከኦርግሪማር ከተማ እስከ ኖርዝሬንድ አህጉር መመላለስ ነው ሰዉን የሚያሰለቸው። ኬልታስ ዘንድ ለመድረስ መብረር የሚችል ማውንት እንደሚያስፈልግ አትርሱ፤ ቴምፔስት ኪፕ አየር ላይ ነው የተንጠለጠለው።

ስለ ቀንና ሰዓት

ሳምንታዊው ሪሴት (ሎክአውቱ የሚታደስበት ቀን) በአሜሪካ ሰርቨር ማክሰኞ ነው፣ በአውሮፓ ረቡዕ። አዲስ አበባ ሆኖ በአውሮፓ ሰርቨር የሚጫወት ሰው የዲሲ ዘመዱን አምኖ ማክሰኞ ማታ ገብቶ «ቦሱ የለም» ማለቱ የተለመደ ነው።

ሎክአውት የሌላቸውም አሉ። ስትራቶልም ውስጥ ዴዝቻርጀርን የሚሰጠውን ሪቬንዴርን ገድላችሁ ወጥታችሁ፣ ሪሴት አድርጋችሁ ወዲያው መመለስ ትችላላችሁ። ግን በሰዓት ከ10 በላይ ኢንስታንስ (ለእናንተ ብቻ የሚከፈት የቦስ ቦታ) አይፈቀድም። ተንደርድራችሁ አስሩን በግማሽ ሰዓት ከጨረሳችሁ የቀረውን ቆማችሁ ትጠብቃላችሁ። ያልቸኮለ ሰው ከእናንተ እኩል ይደርሳል።

መብራትም አለ። እዚህ አገር ለሚጫወት ሰው ይህ ቀልድ አይደለም። ቦሱ ሳይሞት ከጠፋ አትደንግጡ። ሎክአውቱ የሚመዘገበው ሲሞት ነው፤ ተመልሳችሁ ትጀምራላችሁ። የሚያስፈራው ሞቶ ሬሳው ሳይፈተሽ ሲጠፋ ነው። ስለዚህ አውቶ ሉት (ዕቃውን በራሱ የሚያነሳላችሁ) ክፍት ይሁን፣ ቦርሳ ባዶ ይሁን፣ ቦሱ እንደወደቀ መጀመሪያ ሬሳው ይፈተሽ። ፎቶውም ጭፈራውም በኋላ ይደርሳል።

ከወጣላችሁ ደግሞ ዕቃውን ክሊክ አድርጋችሁ ተማሩት። ቦርሳ ውስጥ ማስቀመጥ መያዝ አይደለም።

የፓንዳሪያ ቦሶች

ሻ ኦፍ አንገር፣ ጋሊየን፣ ናላክ፣ ኡንዳስታ። እነዚህን ዋና ዒላማ የሚያደርግ ጀማሪ ሳይ ትከሻውን ይዤ ላስቀምጠው ይቃጣኛል። ተጫዋቾች የሚገምቱት ዕድል ከአንድ በመቶ እጅግ ያነሰ ነው። ከ2,000 አንድ ነው ብንል ግማሽ ለግማሽ ለመድረስ ብቻ 1,400 ያህል ሙከራ ይፈልጋል። አሥር ካራክተር ያለው ሰው በሳምንት አሥር ጊዜ እየገደለ ሁለት ዓመት ከስምንት ወር ይፈጅበታል፤ ያውም ለግማሽ ዕድል። በመንገዳችሁ ላይ ከሆኑ ግደሏቸው። ብላችሁ ብላችሁ ለእነሱ ብላችሁ አትግቡ።

«ምን ያስቸኩለኛል፣ የትም አይሄድ»

አንዳንዱ ይሄዳል። ዙል ጉሩብ ውስጥ ይወጡ የነበሩት ስዊፍት ዙልያን ታይገርና ራዛሺ ራፕተር በፈረንጆቹ ኅዳር 2010 ካታክሊዝም የተባለው የጌሙ ማስፋፊያ ሲቃረብ ከዚያ ተነሱ። በ2018 አምስት ሚሊዮን ወርቅ ይሸጥ የነበረው ብሩቶሶር፣ ሻዶውላንድስ በ2020 ሲመጣ ከነጋዴው ተነሳ። ዛሬ እንዲህ ዓይነቱን የምታገኙት ብላክ ማርኬት ኦክሽን ሃውስ (ጌሙ ውስጥ ያለ ጨረታ) ላይ ነው። እዚያ ዋጋው እስከ 9,999,999 ወርቅ ሊወጣ ይችላል፤ አንድ ካራክተር ሊይዝ የሚችለው ጣሪያው እሱ ነውና።

የበዓል ማውንቶችም ይህ ጠባይ አላቸው። ሄድለስ ሆርስማን የሚመጣው ከጥቅምት 18 እስከ ኅዳር 1 በፈረንጆቹ ነው። በቀን መቁጠሪያችሁ ላይ ምልክት አድርጉ፤ ኅዳር 2 የሚያለቅስ ሰው በየዓመቱ አይጠፋም።

ወርቅና አካውንት ከመንደር መግዛት

«ማውንቱ ያለበት አካውንት በርካሽ አለ» የሚላችሁን ሰው አትስሙ። የመጀመሪያው ባለቤት በኢሜሉ በአንድ ቀን ያስመልሰዋል፤ ገንዘባችሁ ሄደ። በቦት (በእናንተ ፋንታ በሚጫወት ፕሮግራም) ፋርም ማድረግም አካውንት ያዘጋል። የጌሙ ክፍያ በካርድ ስለሆነ ለብዙዎቻችን አስቸጋሪ እንደሆነ አውቃለሁ፤ ውጭ ያለ ወንድም ወይም እህት ካላችሁ በራሳችሁ ስም በተከፈተ አካውንት ላይ ይክፈሉላችሁ። የይለፍ ቃሉን ግን ለእነሱም አትስጡ። ሬሪቲ የሚባለውን አድኦን (ጌሙ ላይ የሚጨመር ትንሽ ፕሮግራም) ጫኑ፤ ሙከራችሁን ይቆጥርላችኋል። ሴቭድ ኢንስታንስስ ደግሞ የትኛው ካራክተር የትኛውን ቦስ እንደጨረሰ ያሳያችኋል። ኤክሴሉን መዝጋት ትችላላችሁ።