የሰሊጥ ሐላዋ ሐረር ላይ የሚፈረፈርበት ምክንያትና መፍትሔው

ቤቴ የማዘጋጀው የሰሊጥ ሐላዋ ቢላዋ ሲነካው እንደ አሸዋ ይፈረፈር ነበር። ጎረቤቶቼ ሰሊጡን ቢወቅሱም ሰሊጡ ንጹሕ ነው፤ ጣጣው ያለው የስኳሩ ሽሮፕ ላይ ነው። መመሪያው የሚያዝዘው 120 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ለባሕር ጠለል የተቀመጠ ሲሆን፣ ሐረር 1,900 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ስለምትገኝ ውኃ በ94 ዲግሪ አካባቢ ይፈላል፤ ስለዚህም ሽሮፑ 120 ከመድረሱ በፊት ከሚገባው በላይ ውኃ ያጣል። አሁን በ114 ዲግሪ አወርደዋለሁ፤ ጠብታው ቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ሲገባ በጣት የሚድቦለቦል፣ ጫን ሲሉት ግን እሺ የሚል መሆን አለበት። ከዚያም ተቆልቶ የላመውን ሰሊጥ ለብ አድርጌ ሽሮፑን በቀጭኑ እያፈሰስሁ አማስላለሁ፤ ከድስቱ ጠርዝ መላቀቅ ሲጀምር ወዲያው ካልቆመ ዘይቱ ይለያል። ድሬዳዋ ዝቅ ስለምትል እዚያ 116 ይስማማል።