በፖስታ ስለሚሰጥ የትወና ትምህርት አጭር የስላቅ ኮሜዲ አሠራር

ስላቁ የሚያነጣጥረው በትምህርት ስም ገንዘብ በሚሰበስበው ድርጅት ላይ እንጂ፣ ከአዲስ አበባ ዳር፣ ከቱሉ ዲምቱ ሆና ተዋናይ ለመሆን በምትመኘው ወጣት ላይ መሆን የለበትም፤ ይህን ያልለየ ደራሲ በሰው ተስፋ ላይ ያላግጣል።

ታሪኩን በአንድ ተቃርኖ ላይ መሥርቱ፤ ትወና በድምፅ፣ በአካልና በሰው ፊት የሚለመድ ሙያ ሲሆን ትምህርቱ ግን በወረቀት ይመጣል። በአገራችን ደብዳቤ በአብዛኛው የሚደርሰው በፖስታ ሣጥን ስለሆነ፣ ባለታሪኳ ስለ እንባ አፈሳሰስ የሚያስተምረውን ሞጁል ለመቀበል በሁለት ታክሲ ወደ መሀል ከተማ ትሄዳለች፤ ስትመለስ መልመጃውን እዚያው ታክሲ ውስጥ ስትሞክር ረዳቱ ከልቧ ያለቀሰች መስሎት ሂሳቧን ይመልስላታል። ለዚህ ትዕይንት ሰፊ ጊዜ ስጡት፤ ትምህርት ቤቱ ያላየውን ችሎታዋን ተመልካቹ የሚያየው እዚህ ነውና። ማታ ደግሞ እናቷ ቡና እያፈሉ በሞጁሉ መልመጃ ውስጥ ያለውን የአንድ ንጉሥ ቃለ ተውኔት ያንብቡላት። መምህሩ ፈጽሞ አይታይ፤ በማኅተሙ ብቻ ይታወቅ።

ተዋንያኑ ለማሳቅ እንዳይጥሩ አጥብቃችሁ ንገሯቸው፤ ሳቁ የሚመጣው ባለታሪኳ እያንዳንዱን መመሪያ ከልቧ ስታምን ነው።

አንድ ገጽ ጽሑፍ በግምት 1 ደቂቃ ስለሚወስድ 8 ገጽ ይበቃል። በክረምት የቤት ውስጥ ንግግር አትቅረጹ፤ ዝናቡ ቆርቆሮውን ሲመታ ድምፁን ይውጠዋል። የውጭውን ትዕይንት ጠዋት ከ3 ሰዓት በፊት ጨርሱ፤ የቀትር ፀሐይ ከአናት ስለምትወርድ ዓይንን በጥላ ትሸፍናለች።