የድንች ላዛኛው ለምን ውሃ ያወጣል? ችግርና መፍትሄ

ፈረንጆቹ ሼፐርድስ ፓይ ይሉታል። ከታች የተፈጨ ሥጋ፣ ከላይ የተጨፈለቀ ድንች፣ ከዚያ ኦቨን ገብቶ ላዩ እስኪቀላ ይጋገራል። በእንግሊዞቹ ወግ የበግ ሲሆን ነው ሼፐርድስ ፓይ የሚባለው፤ የበሬ ከሆነ ኮቴጅ ፓይ ይሉታል። እኛ ቤት ግን ስሙ የድንች ላዛኛ ነው። ልጆቹ ናቸው ያወጡለት።

ባሕር ዳር ላይ ለዚህ ምግብ የሚጎድል ነገር የለም። ድንቹ ከአዴትና ከአዊ በኩል ይገባል። ሽንኩርቱ ከፎገራ ይመጣል። ሥጋው ከሰፈር ሥጋ ቤት ነው።

መጀመሪያ የሠራሁት ለትንሣኤ ማግስት እንግዶች ነበር። ስቆርሰው ሥጋው በጭልፋ የሚቀዳ ሆነ። ድንቹም ሰምጦ ተደባለቀ። እናቴን የሚያህሉ ጎረቤቴ ቀመስ አደረጉና፣ "ልጄ፣ ጣዕሙስ ጥሩ ነበር። ግን ወጡ መቼ ውሃውን ጨረሰ?" አሉኝ። ከዚያ ወዲህ አንድ ነገር ሲበላሽብኝ መጀመሪያ የምጠይቀው ይህንኑ ነው። ብዙዎቹ ችግሮች ዞረው ዞረው እዚያው ውሃው ጋ ይመጣሉ።

የኔ ልክ ለ6 ሰው ይህ ነው፦ 1 ኪሎ ድንች፣ ግማሽ ኪሎ የተፈጨ ሥጋ፣ 2 ቀይ ሽንኩርት፣ 2 ካሮት፣ 3 ፍንካች ነጭ ሽንኩርት፣ 1 የሾርባ ማንኪያ የቲማቲም ድልህ፣ 1 የሾርባ ማንኪያ የፉርኖ ዱቄት፣ 2 የሾርባ ማንኪያ ቅቤ፣ አንድ ስኒ ተኩል ወተት። ለሽታ የጥብስ ቅጠል ወይም ጦስኝ።

ሥጋው ሾርባ ሆነ

ዋናው ችግር ይህ ነው፤ ስለዚህ እዚህ ጋ ረጋ ብለን እንየው።

ባሕር ዳር ከባሕር ጠለል በላይ 1,800 ሜትር ገደማ ላይ ናት። በዚህ ከፍታ ውሃ የሚፈላው በ94 ዲግሪ አካባቢ ነው። ድስቱ ውስጥ ውሃ ተኝቶ እያለ ሥጋው ከዚያ ብዙም አይግልም። የጥብስ ሽታና ቡናማ ቀለም የሚመጣው ደግሞ ወደ 140 ዲግሪ ሲጠጋ ነው። ስለዚህ ግማሽ ኪሎውን በአንድ ጊዜ ጠባብ ድስት ውስጥ ከጨመራችሁት የራሱ ውሃ ይወጣና ይቀቅለዋል። መልኩ ግራጫ ይሆናል፤ ጣዕምም አያወጣም።

ሰፊ መጥበሻ በደንብ አግሉ። ሥጋውን ሁለት ቦታ ከፍላችሁ በየተራ ጥበሱት። እንደገባ አታማስሉት፤ ታቹ እስኪቀላ ተዉት። በጆሯችሁም ታውቁታላችሁ። ውሃ ሲኖረው ይንተከተካል፣ ውሃው ሲያልቅ ይንጣጣል። የተጠበሰውን አውጡና በዚያው መጥበሻ ሽንኩርቱን አቁላሉ። መጀመሪያ ያለ ዘይት፣ ልክ ለወጥ እንደምናደርገው። ገና ከማሳ የገባ ሽንኩርት ውሃው ብዙ ስለሆነ ጊዜ ስጡት። ከዚያ ዘይት፣ ካሮት፣ ነጭ ሽንኩርት ይግባ።

ሁለተኛው የውሃ ምንጭ ቲማቲም ነው። 3 ወይም 4 ትኩስ ቲማቲም ከትፎ መጨመር ለስልስ ይሆናል፣ ለዚህ ግን አይሆንም። ድልህ ተጠቀሙ። ድልሁን ትንሽ ጥበሱት፣ ሥጋውን መልሱ፣ ዱቄቱን ነስንሱና 2 ደቂቃ አማስሉ። ከዚያ አንድ ብርጭቆ ሙቅ ውሃ ወይም መረቅ ጨምራችሁ በቀስታ እሳት 20 ደቂቃ ይንተክተክ።

መድረሱን እንዲህ እዩ። በማንኪያ የመጥበሻውን ወለል ከዳር እስከ ዳር አስምሩ። መስመሩ ወዲያው በውሃ ከተሞላ ገና ነው። ክፍት ሆኖ ቆይቶ ቅባት ብቻ ጠርዙ ላይ ከታየ ደርሷል። እናቶቻችን "ዘይቱ ወጣ" የሚሉት ይኸው ነው።

ተጋግሮ ካለቀ በኋላ ነው ያወቃችሁት? ድንቹን በሰፊ ማንኪያ ገፍፋችሁ ሳህን ላይ አስቀምጡ። ሥጋውን ወደ መጥበሻ መልሱና ውሃውን ጨርሱት። ከዚያ ድንቹን መልሳችሁ አልብሱትና ኦቨን ውስጥ 10 ደቂቃ ይቆይ። መልኩ እንደ መጀመሪያው አያምርም፣ ጣዕሙ ግን ይድናል።

ሥጋው ደረቀ፣ ወይም እንደ ጎማ አስቸገረ

ሥጋ ቤት "የሚፈጭ ስጡኝ" ስትሉ ብዙ ጊዜ ለክትፎ የሚሆነውን ቀይ ሥጋ ይመዝኑላችኋል። ለክትፎ ትክክል ነው። እዚህ ግን ጮማ የሌለው ሥጋ ይደርቃል። ከወርች ወይም ከፍርምባ፣ ትንሽ ጮማ ያለበት ይሁን በሏቸው። ዋጋውም ይቀንሳል። ሽንጡን ለጥብስ ተዉት። በቢላ የተከተፈ ከሆነ ደግሞ 20 ደቂቃ አይበቃውም። ክዳን አድርጋችሁ፣ ሙቅ ውሃ ጠብ እያደረጋችሁ እስከ 45 ደቂቃ አቆዩት፤ መጨረሻ ላይ ክዳኑን ክፈቱና ውሃውን ጨርሱ።

የበግ ከሆነ ችግሩ ሌላ ነው፤ ላዩ ላይ ቅባት ይንሳፈፋል። ሲቀዘቅዝ ላንቃ ላይ ይረጋል። ሥጋው እንደተጠበሰ መጥበሻውን ዘንበል አድርጋችሁ ትርፉን ቅዱ።

ድንቹ ሙጫ ሆነ

ማንኪያው ላይ ይለጠጣል፤ አፍ ውስጥ ይጣበቃል። ምክንያቱ ሁልጊዜ ማለት ይቻላል ብሌንደር ነው። ድንች ውስጥ ያለው ስታርች ስስ ከረጢት ውስጥ እንደታሰረ ቁጠሩት። ምላጩ ከረጢቱን ይበጥሰዋል፣ ስታርቹ ወጥቶ ከውሃው ጋር ሙጫ ይሠራል። በእጅም ቢሆን ከልክ በላይ ከመታችሁት ያው ነው።

በሹካ ወይም በድንች መጨፍለቂያ ጨፍልቁ። ጓሉ ሲጠፋ እጃችሁን አንሱ። መጀመሪያ ቅቤ፣ ቀጥሎ የሞቀ ወተት። ወተቱን በሙሉ አትገልብጡት፤ እያያችሁ ጨምሩ።

እዚህም ውሃ አለ። ድንቹ ሲበስል ውሃውን አጥልሉና ድንቹን ከነድስቱ መልሳችሁ እሳት ላይ ጣዱት። ለ2 ደቂቃ እየነቀነቃችሁ እንፋሎቱ ይውጣ። ድንቹ ዳር ዳሩ ነጭ ዱቄት ሲመስል ይበቃዋል። ይህን አንድ ነገር ብቻ ብትይዙልኝ ደስ ይለኛል፤ ድንቹ ውሃውን ለቅቆ ቅቤውን የሚጠጣው ያኔ ነው።

ቅዳሜ ገበያ ስትገዙ ሻጯን "ሲቀቀል የሚፈነዳ ነው?" ብላችሁ ጠይቁ። የሚፈነዳው ዱቄታም ነው፤ እሱን ውሰዱ። ሲቀቀል እንዳለ የሚቀረው ለሰላጣና ለወጥ ይሻላል።

አንዴ ሙጫ የሆነ ድንች ወደኋላ አይመለስም። እንቁላልና ትንሽ ዱቄት ጨምራችሁ ትንንሽ ቂጣ እያደረጋችሁ ጥበሱት። ለላዛኛው ሌላ ድንች ቀቅሉ።

ድንቹ ውስጥ ጥሬ ጓል አለ

ኢንተርኔት ላይ "15 ደቂቃ ቀቅሉ" የሚለው አብዛኛውን ጊዜ ባሕር ዳር ታስቦ የተጻፈ አይደለም። በ94 ዲግሪ የሚፈላ ውሃ ቀስ ብሎ ነው የሚያበስለው። እኔ እኩል አድርጌ ቆርጬ ከ25 እስከ 30 ደቂቃ አቆየዋለሁ። በቀዝቃዛ ውሃ ጀምሩ፤ በፈላ ውሃ ከጀመራችሁ ውጪው ይፈርሳል፣ መሃሉ ይቀራል። ሰዓቱን ሳይሆን ቢላውን እመኑ፤ ያለ ግፊት መሃሉ መግባት አለበት።

ድንቹ መረረ

ፀሐይ መትቶት አረንጓዴ የሆነ ድንች ነው። ምሬቱ ሶላኒን ከሚባለው ነገር ጋር ይመጣል፤ መቀቀልም አያጠፋውም። ትንሽ ከሆነ ወፍራም አድርጋችሁ ላጡት። ብዙ ከሆነ ጣሉት። ቤት ውስጥ ጨለማ ቦታ አስቀምጡ።

ድንቹ ሰመጠ

ሥጋው ትኩስና ቀጭን ነበር፣ ወይም ድንቹ ላይ ወተት በዝቷል። ሥጋውን ትሪው ላይ ዘርግታችሁ 20 ደቂቃ ይቀዝቅዝ። ድንቹን መሃል ላይ ክምር አድርጋችሁ አትዘርጉት። በማንኪያ ከዳር ጀምሩ፣ ዙሪያውን ከትሪው ጋር አያይዙት፣ ከዚያ ወደ መሃል ግቡ። ዳሩ ከተዘጋ መረቁም ገንፍሎ ኦቨኑን አያበላሽም።

ላዩ አልቀላም

ላዩ ለስላሳ ከሆነ አይቀላም። በሹካ መስመር መስመር አድርጉበት፤ ጫፍ ጫፉ ቶሎ ይደርቅና ይቀላል። ቅቤ ቀቡት። ኦቨኑን ቀድማችሁ 200 ዲግሪ አግሉ፣ ትሪውን ላይኛው መደርደሪያ አስገቡ፣ ከ25 እስከ 30 ደቂቃ ይቆይ። በፎይል አትሸፍኑት፤ እንፋሎቱ ተመልሶ ያረጥበዋል።

ኦቨን ከሌለ ወይም መብራት ከሄደ የድፎ ዳቦውን ዘዴ ውሰዱ፤ ከላይ እሳት፣ ከታች እሳት። ወፍራም የብረት ትሪ ወይም ድስት ይሁን። ውስጡ አስቀድሞ ስለበሰለ ከታች ጥቂት ፍም ይበቃል። አፉን በብረት ምጣድ ግጠሙና ምጣዱ ላይ የታቹን እጥፍ ፍም ዘርጉ። በ20 ደቂቃ ከፈት አድርጋችሁ እዩት። ይህን በረንዳ ወይም ግቢ ውስጥ ሥሩ፤ በተዘጋ ክፍል ከሰል ማንደድ ሰው ይገድላል። የመስታወት ትሪ ደግሞ ፍም ላይ ይሰነጠቃል። መብራቱ የሚያሰጋ ቀን ከሆነ ከመጀመሪያው በብረት ጀምሩ።

የቅቤው ሽታ ሁሉን ዋጠው

ንጥር ቅቤ ኮረሪማና ኮሰረት ይዞ ይመጣል። ድንቹ ውስጥ ሁለት ማንኪያ ከገባ ሌላው ሁሉ ይጠፋል። ለድንቹ ለጋ ቅቤ፣ ለሥጋው ከፈለጋችሁ አንድ የሻይ ማንኪያ ንጥር። የኔ ምርጫ ይህ ነው።

ሲቆረስ ፈረሰ

ከኦቨን እንደወጣ ነው የቆረሳችሁት። 15 ደቂቃ ይረፍ። ሰው ቢጎመጅም ቡናው እስኪቀርብ አቆዩት።

በማግስቱ ውሃ ቋጠረ

ትኩሱን ከድናችሁ ፍሪጅ ካስገባችሁት እንፋሎቱ ክዳኑ ላይ ውሃ ሆኖ ተመልሶ ይወርዳል። ቆራርጣችሁ ዘርጉት፣ ሲበርድ ክደኑት፣ በ2 ሰዓት ጊዜ ውስጥ ፍሪጅ ይግባ። ማክሰኞ ማታ ከሠራችሁ ረቡዕ ጾም ነውና ለሐሙስ ይቆያል። ፍሪጁ ያለማቋረጥ ከሠራ ችግር የለውም። መብራት ሌሊቱን ሙሉ ከጠፋ ግን አትብሉት፣ ለልጆችም አትስጡ።

ሐሙስ ጠዋት ቁራጩን ድንቹን ወደ ታች አድርጌ በብረት መጥበሻ ላይ፣ ትንሽ ዘይት ጠብ አድርጌ፣ በቀስታ እሳት አሞቀዋለሁ። ክዳን አላደርግበትም። ከታች ቅርፊት ሲያወጣ ገልብጬ፣ ሥጋው መሃሉ ድረስ እስኪተን አቆየዋለሁ።