የቤተሰብ ባንድ ውስጥ ለምትገቢ ድምፃዊት

በቤተሰብ ባንድ ለመዝፈን ጥሩ ድምፅ ብቻ አይበቃም። እኔ የምዘፍነው ለሠርግ ባንድ ነው። ጋሼ ኪቦርድ ይጫወታሉ፤ መሪውም እሳቸው ናቸው። ታናሽ ወንድማቸው ቤዝ፣ የእህታቸው ልጅ ድራም ይመታል። ውል የሚዋዋሉት፣ ቀብድ የሚቀበሉት፣ እኛንም የሚከፍሉን ባለቤታቸው እትዬ ናቸው። ባዕዷ እኔ ነኝ። ይህን የምጽፈውም እንደኔ ባዕድ ሆና ለምትገባ እህት ነው።

መጀመሪያ ኪይሽን፣ ማለትም ለድምፅሽ የሚመቸውን የዜማ ከፍታ እወቂ። የወንድ ዘፈን ስትዘፍኚ "ትንሽ ከፍ አድርጉልኝ" ማለት አያዋጣም። ጋሼ ኪዩን የሚቀይረውን የኪቦርዱን ቁልፍ፣ ትራንስፖዝን ተጭነው ይገላገላሉ፤ ቤዙና ሳክስፎኑ ግን እንዲህ ያለ ማብሪያ ማጥፊያ የላቸውም። ደብተር ያዢ። ከእያንዳንዱ ዘፈን ጎን ኪዩን ጻፊና ልምምድ ላይ ንገሪያቸው። ቅኝቱንም ለይተሽ ጥሪ። ሜጀር ትዝታ ዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶል፣ ላ ነው። ማይነሩ ላይ ሚና ላ በግማሽ ድምፅ ይወርዳሉ። ዝም ብለሽ "ትዝታ!" ካልሽ ኪቦርዱ በሜጀር ሲጀምር አንቺ በማይነር ታንጎራጉሪያለሽ። ያኔ ሰዉ ጉርሻውን ይዞ ቀና ይላል።

የሌሎቹን ዘፋኞች ዘፈኖችም አጥኚ፣ ባይሰጡሽም። ማህሙድ አሕመድ በ1950ዎቹ አሪዞና ክለብ ውስጥ ሲላላክ ነበር። መድረኩን ያገኘው ዘፋኝ በቀረበት ምሽት ነው። የቤተሰብ ባንድ ውስጥ ደግሞ ሰው መቅረቱ አይቀርም፤ አንዷ ትወልዳለች፣ አንዱ ዘመድ ሊቀብር ክፍለ አገር ይሄዳል።

ከሠርጉ ቀን በፊት እትዬን አንድ ነገር ጠይቂ፦ የሙሽሮቹ ዘመዶች ከየት ናቸው? ምግብ ላይ ለስለስ ያለ ትዝታና ባቲ ይበቃል። ኬክ ከተቆረሰ በኋላ ግን ጉራግኛው፣ ኦሮምኛው፣ ትግርኛው፣ ወላይትኛው ይጠየቃል። ግጥሙን ከቋንቋው ተናጋሪ ጋር ቁጭ ብለሽ አስተካክዪ። ጨፋሪው ዜማ ብትስቺ ይምርሻል፤ የእናቱን ቋንቋ ካበላሸሽ ግን ይቆምብሻል። ከዝግጅቱ በፊት ድምፅ ሲፈተሽ (ሳውንድ ቼክ ላይ) ሞኒተርሽ ውስጥ፣ ወደ አንቺ በዞረው ስፒከር፣ ድምፅሽና ኪቦርዱ ይግባልሽ። ድራሙን በላዩ ካበዙብሽ ራስሽን ለመስማት ስትጮኺ ታመሺና በማግስቱ ለመልሱ ድምፅ አይኖርሽም።

የሽልማት ነገር ቀድሞ ይለቅ። ግንባርሽ ላይ የሚለጠፈው ብር ያንቺ ነው? የባንዱ ነው? ግማሽ ነው? እኛ ጋ ሁሉም ሳጥን ውስጥ ይገባና ለሁላችን ይከፋፈላል፤ ለእኔ እንዲያውም ይሻለኛል፣ ድራመሩን ማን ይሸልመዋል? ብቻ ልምምድ ቤት ሳላችሁ ተነጋገሩ። ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ፣ መኪና ውስጥ፣ ሁሉም ደክሞት እያለ ብር አይቆጠርም።

ሲጣሉ አትግቢ። ጋሼና ወንድማቸው ስለ ቴምፖ፣ ስለ ዘፈኑ ፍጥነት ይጀምሩና የአባታቸው ቤት ላይ ይደርሳሉ። አንቺ ሻይሽን ጠጪ። ነገ አብረው ቁርስ ይበላሉ፤ ያንቺ "ልክ ነህ" ግን አይረሳም።

ገንዘብሽን በወሩ ሳይሆን በጾሙ አስይ። ጥር ላይ እሑድ አይበቃንም። ከዚያ ዐቢይ ጾም 55 ቀን ነው፤ ሥራው እስከ ፋሲካ ዝር አይልም። ከኅዳር 15 እስከ ገናም እንደዚያው። የጥር ወርን ብር ለቀሚስ ከጨረስሽው መጋቢት ላይ እትዬን ብድር ትጠይቂያለሽ፤ ያኔ ደግሞ ስለ ክፍያ ለመከራከር አፍ አይኖርሽም።

የራስሽን ነጠላ ዜማ ልትለቂ ስትነሺ ጋሼ በደስታ ያቀናብሩልሻል። "ቤተሰብ አይደለን?" ይላሉ። ናችሁ። ቢሆንም ግጥሙ የማን፣ ዜማው የማን፣ ቅንብሩ የማን እንደሆነ፣ ከዩቲዩብ የሚገባውም እንዴት እንደሚካፈል በወረቀት ይስፈር። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለደራሲውም ለከዋኙም መብት ይሰጣል፤ ወረቀት ከሌለሽ ግን የማን ምን እንደሆነ በምን ታስረጃለሽ? ፊርማውን የምትጠይቂው እትዬን ይሁን። ጋሼ ይቀየማሉ፣ እትዬ ግን ውል ያውቃሉ።

መልቀቅ ከፈለግሽም ነሐሴ ላይ፣ በፍልሰታው ንገሪያቸው። የጥር ቀብድ ከመጀመሩ በፊት ሌላ ልጅ ያሰለጥናሉ። ደብተርሽን ተዪላት።