ጌም አልከፈት ሲል የሚሠሩ ስህተቶች

ዳብል ክሊክ ታደርጋላችሁ። ማውሱ ላይ ክቧ ትዞራለች። ስክሪኑ ለአፍታ ይጠቁራል። ከዚያ ምንም የለም፤ ተመልሳችሁ ዴስክቶፑ ላይ ናችሁ። ሌሊቱን ሙሉ ሲወርድ ያደረ ጌም ነው።

ኮምፒውተር መጠገን ሥራዬ ነው። ይህ የደረሰባቸው ልጆች በየሳምንቱ ሱቄ ይመጣሉ። ጌሙን የያዘው ችግር አብዛኛውን ጊዜ ትንሽ ነው። የሚያደክመኝ ከዚያ በኋላ የተነካካው ነው። ልጁ እኔ ጋ እስኪደርስ ፋይል ቀይሮ፣ አንቲቫይረስ አጥፍቶ፣ የማያውቀውን ፕሮግራም ጭኖ ይመጣል። አንድ የነበረው ችግር አምስት ይሆናል። እነዚህን ስህተቶች የምጽፈው ለዚህ ነው።

ዲኤልኤል ከኢንተርኔት እየለቀሙ ማውረድ

ይህ ከሁሉም ይብስብኛል። ስንት ጊዜ እንዳየሁት ቁጥሩን አላውቀውም።

ጌሙ ሲከፈት «ኤምኤስቪሲፒ140.ዲኤልኤል አልተገኘም» የሚል መልእክት ይመጣል። ዲኤልኤል ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ የሚጠቀሙበት ፋይል ነው። ጌሙ ሲነሳ ዊንዶውስ ይፈልግለታል፤ ካጣው ጌሙ እዚያው ይቆማል። እስከዚህ መልእክቱ ልክ ነው። ልጁ ግን የፋይሉን ስም ጎግል ላይ ይጽፋል። ፋይሉን ለብቻው «በነጻ» የሚሰጥ ገጽ ያገኛል። ያወርደዋል፣ ሲስተም32 ውስጥ ይከተዋል። ጌሙ አሁን ሌላ ፋይል ጎደለኝ ይላል። ያንንም ያወርዳል። ሦስተኛው ላይ መልእክቱ ይቀየርና በ«7ቢ» የሚያልቅ ኮድ ይመጣል፦ ሲ000007ቢ።

ይህ ኮድ ብዙውን ጊዜ የ32 ቢትና የ64 ቢት ፋይል ተደባልቋል ማለት ነው። እዚህ ላይ በልጁ አልፈርድም፤ የዊንዶውስ አሰያየም ራሱ ያሳስታል። በ64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ሲስተም32 የሚባለው ፎልደር የሚይዘው የ64 ቢት ፋይሎችን ነው። የ32 ቢቶቹ ያሉት ሲስዋው64 የሚባለው ውስጥ ነው። ስሙን አይቶ የሚገምት ሁሉ ገልብጦ ያስቀምጣል።

የምቆጣው በሌላው ነው። የማታውቁትን ሰው ማጀት ድረስ አታስገቡም። ማን እንደሠራው የማይታወቅ ፋይል የዊንዶውስ ማጀት ውስጥ ለምን ይገባል? አንዳንዱ ያረጀ ነው፣ አንዳንዱ ቫይረስ ይዞ ይመጣል። ደህና የሆነው እንኳ ብቻውን አይጠቅምም፤ ጓደኞቹ የሆኑት ሌሎች ፋይሎች አብረውት አልመጡምና።

ትክክለኛው መንገድ አጭር ነው። ኤምኤስቪሲፒ140 ወይም ቪሲረንታይም140 ጎደለ ካላችሁ የሚያስፈልጋችሁ ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሪዲስትሪቢዩተብል የሚባለው ጥቅል ነው። ከማይክሮሶፍት ከራሱ ገጽ ይወርዳል። ሁለት ዓይነት አለው፣ ኤክስ64 እና ኤክስ86። ዊንዶውሳችሁ 64 ቢት ቢሆንም ሁለቱንም ጫኑ፤ 32 ቢት የሆነ ጌም የሚፈልገው ኤክስ86ን ነው። ሁለቱ ተደምረው 50 ሜጋ አይሞሉም። የጎደለው ዲ3ዲኤክስ9 በሚል የሚጀምር ፋይል ከሆነ ደግሞ በፈረንጆቹ ሰኔ 2010 የወጣውን የዳይሬክትኤክስ (ጌሞች ምስልና ድምፅ ለማውጣት የሚጠቀሙበት የዊንዶውስ ክፍል) ጥቅል ጫኑ። «ዊንዶውሴ ዳይሬክትኤክስ 12 አለው» የሚል ሰው አይጠፋም። አለው፤ እነዚያ የድሮ ፋይሎች ግን አብረውት አይመጡም።

ኢንተርኔት ከሌላችሁ መጀመሪያ የጌሙን ፎልደር ክፈቱ። «ሪዲስት» የሚል ቃል ያለበት ፎልደር ካገኛችሁ ጥቅሎቹ እዚያው ተቀምጠዋል። ከዚህ በፊት የከተታችኋቸውን ፋይሎች አውጡ። ከዚያ ኮማንድ ፕሮምፕትን በአድሚኒስትሬተር ከፍታችሁ ኤስኤፍሲ ስካንናው የሚባለውን ትእዛዝ አስኬዱ። ዊንዶውስ የተበላሹ የራሱን ፋይሎች ይተካል።

ከጓደኛ ሃርድ ዲስክ ፎልደሩን ብቻ መገልበጥ

ጌም ሲጫን ፎልደር ብቻ አይደለም የሚፈጥረው። ሬጅስትሪ በሚባለው የዊንዶውስ መዝገብ ላይ ይመዘገባል፣ ከላይ ያልኳቸውን ጥቅሎችም ይጭናል። ፎልደሩን ብቻ ገልብጣችሁ ስትከፍቱት ጌሙ ግማሹ የጓደኛችሁ ኮምፒውተር ላይ ቀርቷል።

ጌሙን ስቲም በሚባለው የጌም መሸጫ ላይ በራሳችሁ አካውንት ከገዛችሁት ግን መገልበጥ ትልቅ ጥቅም አለው። ፎልደሩን ከጓደኛችሁ ወስዳችሁ ስቲምአፕስ ውስጥ ካለው ኮመን የሚባል ፎልደር ውስጥ አስቀምጡት። ከዚያ ከስቲም «ኢንስቶል» በሉ። ስቲም ያለውን ፋይል ያገኘዋል፣ የጎደለውን ብቻ ያወርዳል፣ ጥቅሎቹንም ይጭናል። ፓኬጅ ውድ በሆነበት አገር ይህን የማያውቅ ሰው ሲከስር ማየት ያሳዝነኛል።

አጥፍቶ እንደገና ማውረድ

ከ100 ጊጋ በላይ የሆነ ጌም ለአንድ የተበላሸ ፋይል ሲባል አይጠፋም። መብራት ሲጠፋ እየወረደ የነበረ ፋይል ቢበላሽ እንኳ መመርመሪያ አለው። ስቲም ላይ ጌሙን ራይት ክሊክ፣ ፕሮፐርቲስ፣ ኢንስቶልድ ፋይልስ፣ ከዚያ ቬሪፋይ። ኤፒክ የሚባለው ሌላው መሸጫ ላይም ቬሪፋይ አለ። የኢኤ አፕ ላይ ሪፔር ይባላል። የተበላሸውን ለይቶ ያንኑ ብቻ ያወርዳል።

«ጋሼ፣ ፎርማት ላድርገው?»

አታድርገው።

ይህን ስህተት እኔም ሠርቻለሁ። ሥራ የጀመርኩ ሰሞን አንዲት ልጅ ጌም የማይከፍት ላፕቶፕ አመጣችልኝ። ሳልመረምር ፎርማት አደረግኩት። ፋይሎቿን ገልብጬ ነበር፣ ጌሙ ሴቭ የሚያደርግበትን ፎልደር ግን ረሳሁት። የታናሽ ወንድሟ የሁለት ዓመት ጨዋታ ጠፋ። ጌሙም አልከፈተም። ችግሩ የግራፊክስ ካርዱ ነበር፤ ፎርማት ደግሞ ካርድ አይለውጥም። ልጁ አጠገቧ ቆሞ ዝም ብሎ ያየኝ ነበር። እስከ ዛሬ ያሳፍረኛል።

ፎርማት አንዳንዴ ነገሩን ያብሰዋል። ከፎርማት በኋላ ዲቫይስ ማናጀር ውስጥ ዲስፕሌይ አዳፕተርስን ክፈቱ። ማይክሮሶፍት ቤዚክ ዲስፕሌይ አዳፕተር የሚል ካያችሁ የካርዱ ድራይቨር፣ ማለትም ካርዱን ከዊንዶውስ ጋር የሚያገናኘው ፕሮግራም፣ አልተጫነም። በዚህ ሁኔታ ከባድ ጌም አይታሰብም።

የተሳሳተውን ካርድ ማስሠራት

ብዙ ላፕቶፖች ሁለት ግራፊክስ አላቸው፤ አንዱ ፕሮሰሰሩ ውስጥ ያለ ደካማው፣ ሁለተኛው ኤንቪዲያ ወይም ኤኤምዲ። ዊንዶውስ ጌሙን በደካማው ሊከፍተው ይችላል። ሴቲንግስ፣ ሲስተም፣ ዲስፕሌይ፣ ግራፊክስ ግቡ። ጌሙን ጨምሩና ሃይ ፐርፎርማንስ የሚለውን ምረጡ። ዴስክቶፕ ከሆነ የሞኒተሩ ገመድ ከካርዱ ላይ መሰካቱን እዩ፤ ከማዘርቦርዱ ላይ ተሰክቶ ስንቱን አግኝቻለሁ።

ኮዱን ሳያዩ ዕቃ መግዛት

አንድ ደንበኛ ያገለገለ ዴስክቶፕ ገዝቶ አዲስ ጌም ጫነበት። ጌሙ ምንም ሳይናገር ይዘጋል። ራም ጨመረ፣ አልሆነም። ኤስኤስዲ ገዛ፣ አልሆነም። ሦስተኛው ላይ ካርድ ሊገዛ ሲል እኔ ጋ መጣ።

ዊንዶውስ ስህተቶችን የሚመዘግብበትን ኢቨንት ቪውወርን ከፈትኩ። ዊንዶውስ ሎግስ፣ አፕሊኬሽን፣ ከቀዩ ምልክት ጋር የጌሙ ስም ተጽፏል። ከሥሩ ኤክሴፕሽን ኮድ በሚለው ፊት ሲ000001ዲ ይላል። ትርጉሙ ፕሮሰሰሩ የማያውቀው ትእዛዝ ተሰጠው ማለት ነው። ፕሮሰሰሩ የመጀመሪያው ትውልድ ኮር አይ5 ነበር። ኤቪኤክስ የሚባሉት ትእዛዞች ኢንቴል ላይ የገቡት በፈረንጆቹ 2011 ከሁለተኛው ትውልድ ጀምሮ ነው። ያ ጌም ኤቪኤክስ ይፈልጋል። ራምም ኤስኤስዲም ይህን አይፈቱትም። ሁለት ደቂቃ የፈጀ ምርመራ ነው። ሰውየው ያወጣውን ገንዘብ ሳስብ አሁንም ያንገበግበኛል።

በ«05» የሚያልቀው ኮድ ግን ብቻውን ብዙ አይናገርም። ያን ጊዜ ፎልቲንግ ሞጁል የሚለውን መስመር እዩ። ፋይሉ «ኤንቪ» ብሎ ከጀመረ ጥርጣሬዬን መጀመሪያ ኤንቪዲያ ድራይቨር ላይ አደርጋለሁ።

መልእክቱም ራሱ አንዳንዴ ሌላውን ይከሳል። በፈረንጆቹ 2024 ብዙ ተጫዋቾች «የቪዲዮ ሜሞሪ አልቋል» የሚል መልእክት እየመጣባቸው አንሪል ኢንጂን በሚባለው የጌም መሥሪያ የተሠሩ ጌሞች ይዘጉባቸው ነበር። ካርዳቸው ሰፊ ሜሞሪ አለው። ጥፋተኛው አንዳንድ የ13ኛና የ14ኛ ትውልድ ኢንቴል ፕሮሰሰር ነበር፤ የቮልቴጅ ችግር ነበረበት። ኢንቴል በባዮስ (ዊንዶውስ ከመነሳቱ በፊት የሚሠራው የማዘርቦርዱ ፕሮግራም) አፕዴት የሚመጣ ማስተካከያ አወጣ፣ ዋስትናውንም በሁለት ዓመት አራዘመ። ፕሮሰሰራችሁ ከዚህ ትውልድ ከሆነ ባዮሱን አፕዴት አድርጉ። አስቀድሞ የተጎዳውን ግን አፕዴቱ አያድነውም።

የዊንዶውስ ስምን በአማርኛ ፊደል መጻፍ

ይህን የፈረንጆቹ መመሪያ ላይ አታገኙትም። የእኛ ነው።

ዊንዶውስ ስትጭኑ የተጠቃሚ ስም ይጠይቃል። በአማርኛ «ዳዊት» ብላችሁ ከጻፋችሁ ዩዘርስ ውስጥ «ዳዊት» የሚባል ፎልደር ይፈጠራል። ብዙ ጌሞች ሴቭና ሴቲንግ የሚያስቀምጡት እዚያ ነው። አዳዲሶቹ የብዙ ቋንቋዎችን ፊደል የሚይዘውን ዩኒኮድ ስለሚያውቁ ችግር የለባቸውም። ብዙ የቆዩ ጌሞች ግን ፊደል የሚያነቡት በድሮው የኮድ ገጽ፣ ማለትም ለየቋንቋው በተዘጋጀ የፊደል ሰንጠረዥ፣ ነው። ለግእዝ ፊደል ዊንዶውስ ላይ እንዲህ ያለ ገጽ ኖሮት አያውቅም። ስለዚህ ጌሙ «ዳዊት»ን ሦስት የጥያቄ ምልክት አድርጎ ያነበዋል። በዚያ ስም ፎልደር የለም፣ ሊኖርም አይችልም። ጌሙ ይዘጋል።

በቋንቋችን ኮምፒውተር መጠቀም ደስ የሚለኝ ሰው ነኝ። ኪቦርዱም ዴስክቶፑም አማርኛ ቢሆን እወዳለሁ። የዚህን አንድ ፎልደር ስም ግን በላቲን ፊደል አድርጉት። በኋላ የአካውንቱን ስም መቀየር የፎልደሩን ስም አይቀይረውም። ፎልደሩን በእጅ መቀየር ደግሞ አካውንቱን ሊያበላሽ ይችላል። የሚሻለው በላቲን ፊደል አዲስ አካውንት ከፍቶ በዚያ መግባት ነው። ጥርጣሬ ካላችሁም መሞከሪያው ይኸው ነው። በአዲሱ አካውንት ጌሙ ከከፈተ ችግሩ ተገኘ። ዲ ላይ «ጌሞች» ብላችሁ የፈጠራችሁት ፎልደርም እንደዚሁ ነው።

ቀኑን በእኛ አቆጣጠር መሙላት

ስቲሙም ኤፒኩም አልገባ ያለው ልጅ መጣ። ኢንተርኔቱ ይሠራል። ግን ብሮውዘሩም ገጽ ሁሉ ላይ «ደህንነቱ አልተረጋገጠም» ይላል። ከታች በቀኝ በኩል ቀኑን አየሁ፤ 2017 ይላል። ዓለም 2025 ላይ ነበረች። አባቱ ናቸው ያስተካከሉት፣ በእኛ አቆጣጠር። ለቤቱ ሰው ትክክል ነው። ኮምፒውተሩ ግን ከሰርቨሩ ጋር ሲገናኝ ሰርቨሩ ማንነቱን የሚያረጋግጥበትን የምስክር ወረቀት ቀን ያያል። ወረቀቱ ከስምንት ዓመት በኋላ የሚወጣ ስለሚመስለው አልቀበልም ይላል።

ቀኑን በፈረንጆቹ አድርጉት፣ ሰዓቱንም እንዲሁ። ጠዋት ሦስት ሰዓት ለኮምፒውተሩ 9 ነው። የሰዓት ዞን ዝርዝሩ ላይ አዲስ አበባን ካጣችሁ ናይሮቢን ምረጡ፤ ያው ፕላስ 3 ነው። ኮምፒውተሩ ከሶኬት በተነቀለ ቁጥር ቀኑ ወደ ኋላ የሚመለስ ከሆነ ማዘርቦርዱ ላይ ያለችው ክብ ባትሪ አልቃለች። ሲአር2032 ብላችሁ ግዙ።

በአጭሩ የማልፋቸው

ዊንዶውስ 7 ላይ ከስቲም ጋር አትታገሉ፤ ስቲም ከጃንዋሪ 1 ቀን 2024 ጀምሮ ድጋፉን አቁሟል።

ሲ ድራይቭን ጢም አድርጎ መሙላት። ጌሙ ዲ ላይ ቢሆንም ሲ ላይ ቦታ ይፈልጋል።

ቫሎራንት የሚባለው ጌም ዊንዶውስ 11 ላይ ቫን9001 የሚል የስህተት ኮድ ካሳየ ቲፒኤም 2.0 እና ሴኪዩር ቡት የሚባሉትን የደህንነት መጠበቂያዎች ይፈልጋል። ባዮስ ገብታችሁ ከመክፈታችሁ በፊት ሲስተም ኢንፎርሜሽን ላይ ባዮስ ሞድ የሚለውን እዩ። ሌጋሲ ካለ አትንኩት፤ ኮምፒውተሩ ራሱ አልነሳ ሊል ይችላል።

አንቲቫይረስን ጨርሶ ማጥፋት። በሕጋዊ መንገድ የገዛችሁት ጌም ፋይል ከታገደ ፕሮቴክሽን ሂስትሪ ውስጥ ገብታችሁ ያንን አንድ ፋይል መልሱት። ክራክ የተደረገ ጌም «አንቲቫይረስህን አጥፋ» ካላችሁ ግን ተዉት። የቴሌግራም አካውንታቸውን በዚህ መንገድ የተነጠቁ ልጆች አውቃለሁ።

«ጌሙ አይሠራም» ብቻ ብሎ መጠየቅ

እርዳታ ስትጠይቁ የጌሙን ስም፣ የዊንዶውሱን ዓይነት፣ ፕሮሰሰሩንና ካርዱን ጻፉ። የመጣውን መልእክት ስክሪንሹት አድርጉት። ጌሙ መጨረሻ የሠራው መቼ እንደሆነና ከዚያ በኋላ ምን እንደነካችሁ ንገሩ። የነካችሁትን አትደብቁ፤ ማንም አይቆጣችሁም።

ባለፈው አንድ የአሥራ አራት ዓመት ልጅ ይህን ሁሉ በስድስት መስመር ጽፎ ላከልኝ። መጨረሻው ላይ «ኤክስ64ን ጭኛለሁ፣ ኤክስ86ን አልጫንኩም» ይላል። መልሴ አንድ መስመር ነበር። ከአሥር ደቂቃ በኋላ የጌሙን የመጀመሪያ ገጽ በስልኩ አንስቶ ላከልኝ።